ከአቦምሳ የሚወጣ፣ አንባቢው የሚከፍልበት የፖለቲካ መጽሔት

ድረ ገጽ ከማሠራትዎ፣ አርማ ከማስነደፍዎና ስም መርጠው ለወዳጅ ከማሰማትዎ በፊት አንድ ደብተር ይግዙ። በመጀመሪያው ገጽ ላይ አዲስ አበባ ያለ ዝግጅት ክፍል የማይሠራቸውን፣ እርስዎ ግን አርሲ፣ መርቲ ወረዳ፣ አቦምሳ ተቀምጠው በሁለት ሳምንት ውስጥ አጣርተው ሊጽፏቸው የሚችሏቸውን አሥር ጉዳዮች ይዘርዝሩ። አሥሩ ካልሞሉ መጽሔቱን ለጊዜው ያቆዩት። የጠቅላይ ሚኒስትሩን የትናንት ንግግር ለመተንተን ከመርቲ ወረዳ መነሣት አያስፈልግም። ያንን በነጻ የሚያቀርብ የዩቲዩብ ቻናል ሞልቷል፤ በነጻ ለሚያገኘው ነገር ደግሞ ሰው እጁን ወደ ኪሱ አይሰድም።

ዝርዝሩ ምን ይመስላል? ሐምሌ 1 የበጀት ዓመቱ ሲጀምር ለመንገድ የተያዘው ገንዘብ ሰኔ 30 ላይ የት ደረሰ፣ አንድ። ማዳበሪያው በስንት ብር መጥቶ በስንት ብር ገበሬው እጅ ገባ፣ በመካከልስ ማን ቆመ፣ ሁለት። በአዋሽ ዳር በመስኖ የሚለማው መሬት ለማንና ለስንት ዓመት ተከራየ፣ ሦስት። የኑራ ኢራ እርሻን ብርቱካንና በ‹መርቲ› ስም የሚሸጠውን ማርማላታ አገር ሁሉ ያውቀዋል፤ ያንን ብርቱካን የሚለቅመው የቀን ሠራተኛ ስንት ብር ይዞ እንደሚገባ ጠይቆ የጻፈ ስንት ሰው ያውቃሉ?

«ይህ የሰፈር ጉዳይ እንጂ ፖለቲካ አይደለም» የሚልዎት አይጠፋም። የአርሲን ታሪክ ያስታውሱት። ተማሪዎች በ1957 ዓ.ም. «መሬት ላራሹ» ብለው አዲስ አበባ ላይ ሰልፍ ወጡ። ከሁለት ዓመት በኋላ በስዊድን እርዳታ አሰላን ማዕከል አድርጎ ካዱ፣ ማለትም የጭላሎ የእርሻ ልማት ድርጅት ተቋቋመ። ምርጥ ዘሩና ማዳበሪያው ለትንሹ ገበሬ ታስቦ ነበር፤ ስንዴ ትርፍ እንዳለው ያዩ ባለ ርስቶች ግን ትራክተር አስገብተው ጭሰኛውን ከመሬቱ ነቀሉት። የየካቲት 1967ቱ የመሬት አዋጅ የመጣው እንዲህ ያለው ነገር ተጠራቅሞ ነው። የጭሰኛውን መነቀል በየሳምንቱ ቆጥሮ፣ ቀበሌ ጠርቶ ሊጽፍ የሚችል ነጻ ጋዜጣ በዚያ ዘመን አልነበረም፤ ሳንሱር ነበር። ከዚህ የበለጠ ፖለቲካ ከየት ይመጣል?

ደብተሩን ከሞሉ በኋላ ወደ ሁለተኛው ገጽ ይሂዱ።

የመቶ ሰው ስም

ሁለተኛው ገጽ ላይ የሚጻፈው ስም ነው። «ወጣቱ»፣ «ምሁሩ»፣ «ዳያስፖራው» ብሎ ነገር የለም፤ ስልክ ቁጥራቸውን የሚያውቁትን፣ ደውለው «ልትከፍል ትችላለህ ወይ?» ሊሏቸው የሚችሉ መቶ ሰዎችን ነው የሚጽፉት። ጠበቃው፣ የአርሲ ዩኒቨርሲቲ መምህሩ፣ ወፍጮ ቤት ያላቸው እትዬ፣ ሽንኩርት አዳማ የሚያወርደው ነጋዴ፣ ከአቦምሳ ወጥቶ አዲስ አበባ መሥሪያ ቤት የገባው የክፍል ጓደኛዎ፣ ሚኒሶታ ወይም ዋሽንግተን ያለችው የአክስትዎ ልጅ።

መቶ አነሰ ብለው አይፈሩ። በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን አንድርያስ ካቫዲያስ የተባለው ግሪካዊ ያዘጋጀው የመጀመሪያው የአማርኛ ጋዜጣ ‹አእምሮ› ሲጀምር በእጅ እየተጻፈ 24 ቅጂ ብቻ ነበር የሚወጣው። እርስዎ ከዚያ አራት እጥፍ ይዘው ነው የሚነሡት።

ውጭ አገር ስላሉት አንድ ነገር ልበል። በዶላር ስለሚከፍሉ ያጓጓሉ፤ ለመጀመሪያው ዓመት ነፍስ የሚዘሩትም እነሱ ሊሆኑ ይችላሉ። ነገር ግን ከርቀት ያለ ሰው ብዙ ጊዜ የሚገዛው ቁጣውን የሚያጸናለትን ነው። ከገቢዎ ግማሽ በላይ ከባሕር ማዶ መምጣት ከጀመረ፣ ሳያውቁት የሚጽፉት ለእነሱ ይሆናል፤ ወፍጮ ቤት ያሉት እትዬም መጽሔቱን ማንበብ ይተዋሉ። ከግማሹ እንዳያልፍ ከወዲሁ ወስነው በደብተሩ ላይ ይጻፉት።

«የእኛ ሰው ለሚነበብ ነገር አይከፍልም» የሚለውንም ብዙ አይስሙት። ለእድር በየወሩ የሚከፍል ሕዝብ ነው። የዕቁብ ሰብሳቢ በሩን ሲያንኳኳ ሰበብ ከሚፈልግ ተበድሮ የሚሰጥ ሕዝብ ነው። የሚከፍለው ግን ዳኛውንና ጸሐፊውን ስለሚያውቅ፣ መዝገቡ ላይ ስሙ ስላለ፣ ሲቸግረው እንደሚደረስለት ስለሚያምን ነው። ፊትዎን የማያሳይና አድራሻው የማይታወቅ መጽሔት ካወጡ ግን እውነትም አይከፈልዎትም።

ሒሳቡ

እንበል ዋና አዘጋጅ እርስዎ ነዎት፣ አንድ ሙሉ ጊዜ ዘጋቢ አለዎት፣ ሒሳብና የአንባቢ ስልክ የምትይዝ አንዲት ሠራተኛ በግማሽ ቀን አለች። ከኢንተርኔት፣ ከትራንስፖርት፣ ከቢሮ ኪራይና ከጠበቃ ክፍያ ጋር ወጪው በወር 60,000 ብር ሆነ እንበል። መጽሔቱ በወር 100 ብር ቢሸጥ 600 ከፋይ ያስፈልጋል። ግን የሚመዘገበው ሁሉ ሳያቋርጥ አይከፍልም፤ ስለዚህ ዒላማዎ 600 ከሆነ ከመቶው ተነሥተው 750 ሰው ለመመዝገብ ያስቡ። ዓመቱን በአንድ ጊዜ ለሚከፍል ከ1,200 ብር ወደ 1,000 ዝቅ ያድርጉለት። የሁለት ወር ገንዘብ የጣሉ ይመስላል፤ በወር በወር ሰው ከመለመን ግን ይሻላል፤ ጥሬ ገንዘቡም በእጅ ይሆናል።

ለመቶዎቹ ሰዎች ሲደወል እሺ ያሉት ከአርባ ካነሱ፣ ዋጋውን ከመቀነስዎ በፊት ወደ መጀመሪያው ገጽ ይመለሱ። ብዙ ጊዜ በሽታው አሥሩ ጉዳዮች ላይ ነው።

ማስታወቂያስ? ይውሰዱ፤ ግን ከገቢው ትንሹ ይሁን። ከዓመታት በፊት በአንድ ሳምንታዊ ጋዜጣ ስሠራ ሙሉ ገጽ የሚይዝ ቋሚ ደንበኛ ነበረን። ስለ ድርጅቱ ሦስት አንቀጽ ዜና አወጣን። በሳምንቱ ማስታወቂያው ቀረ፤ በወሩ የሁለት ዘጋቢዎች ደመወዝ ዘገየ። ማንም መጥቶ «ዝም በሉ» አላለንም። ከዚያ በኋላ ግን ስለዚያ ድርጅት የሚጽፍ አልተገኘም፤ እኔንም ጨምሮ።

በአንባቢ ገንዘብ ብቻ መኖር እንደሚቻል ከውጭ ሁለት ምሳሌ ልጥቀስ። አሜሪካዊው አይ. ኤፍ. ስቶን እ.ኤ.አ. በ1953 የሚሠራባቸው ጋዜጦች ተራ በተራ ሲዘጉበት የራሱን ባለ አራት ገጽ ሳምንታዊ ጀመረ። ዋጋው በዓመት 5 ዶላር፣ ከፋዩ 5,300 ሰው ገደማ፤ የቢሮውን ሥራ የያዘችው ሚስቱ ኤስተር ነበረች። ሹማምንት ጋር አይዞርም፤ የምክር ቤት ቃለ ጉባኤና የመንግሥት ሪፖርት እያነበበ፣ በገጽ 12 ያሉትን በገጽ 200 እንዴት እንዳፈረሱት ያወጣ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1971 ሲያቆም ከፋዮቹ 70,000 ደርሰው ነበር። ፈረንሳይ ውስጥ ሜዲያፓር እ.ኤ.አ. በመጋቢት 2008 ሲጀምር ማስታወቂያ አልቀበልም ብሎ ነው። በ2012 መጨረሻ የበጀት ሚኒስትሩ ዤሮም ካዩዛክ በስዊዘርላንድ ስውር የባንክ ሒሳብ እንደነበራቸው አወጣ፤ ሚኒስትሩ ከወራት በኋላ ለቀቁ፣ ከፋዩም ጎረፈ።

ከሁለቱ ለአቦምሳ የሚቀርበው ስቶን ነው። ዘመድና ጎረቤት በሚተዋወቅበት ከተማ የምሥጢር ምንጭ ፍለጋ ከመሄድ ሰነድ ማንበብ ይሻላል። ሰነድ አይታሰርም፤ አማትም የለውም። ወረዳዎች በጀታቸውን በሰሌዳ እንዲለጥፉ የሚያደርግ የቆየ አሠራር አለ፤ ሰሌዳውን በስልክዎ ያንሡና ከዓመት ዓመት ያስተያዩ። ያልተለጠፈውን ደግሞ በጽሑፍ ይጠይቁ። አዋጅ ቁጥር 590/2000 ማንም ሰው ከመንግሥት መሥሪያ ቤት መረጃ የመጠየቅ መብት እንዳለው፣ መሥሪያ ቤቱም በ30 ቀን ውስጥ መልስ መስጠት እንዳለበት ይደነግጋል። ሲከለከሉ አቤቱታው ለሕዝብ እንባ ጠባቂ ተቋም ነው። ማመልከቻውን በሁለት ቅጂ ያዘጋጁ፤ መዝገብ ቤት አንዱ ላይ ማኅተምና ቀን ያስመትቱ። «በቃል ጠይቄ ነበር» አይጠቅምዎትም። መልስ ቢመጣ ዜና ነው፤ 30ው ቀን በዝምታ ቢያልፍም ከማኅተሙ ፎቶ ጋር ዜና ነው።

ወረቀቱና ሕጉ

በራስዎ ስም ብቻ አይነግዱ። የንግድ ሕጉ በአዋጅ ቁጥር 1243/2013 ሲሻሻል አንድ ሰው ብቻውን ኃላፊነቱ የተወሰነ የግል ማኅበር ማቋቋም ችሏል፤ መጽሔቱ ተከሶ ቢሸነፍ ቤትዎ እንዳይሸጥ ይህ ያግዛል። የግብር ከፋይ መለያ ቁጥርና ንግድ ፈቃድ ካወጡ በኋላ የበይነ መረብ መገናኛ ብዙኃን በኢትዮጵያ መገናኛ ብዙኃን ባለሥልጣን መመዝገብ አለበት። መሠረቱ አዋጅ ቁጥር 1238/2013 ነው፤ በ2017 ዓ.ም. ሚያዝያ ስለተሻሻለ አሮጌውን ቅጂ ከኢንተርኔት አውርደው በእሱ እንዳይሄዱ። የጽሑፍ የአርትኦት ፖሊሲ አስቀድመው ያዘጋጁ። ከሌላ ሰው ገልብጠው አያስገቡ፤ አንድ ቀን ፍርድ ቤት የሚቀርበው እሱ ነው።

ከዚህ አዋጅ ሁለት ነገር በቃልዎ ይያዙ። አንደኛው፣ በመገናኛ ብዙኃን የሚፈጸም ስም ማጥፋት ከወንጀልነት ወጥቶ የፍትሐ ብሔር ጉዳይ ሆኗል፤ ካሳ ያስከፍላል እንጂ አያሳስርም። ሁለተኛው አንቀጽ 86 ነው፤ በመገናኛ ብዙኃን ባሰራጨው ይዘት የሚጠየቅ ሰው ለተጨማሪ ምርመራ በሚል ሳይታሰር በዐቃቤ ሕግ ክስ በቀጥታ ፍርድ ቤት እንዲቀርብ ያዛል።

በወረቀት ያለው ይህ ነው። መሬት ላይ ያለውን ደግሞ ሳልሸፍን ልንገርዎት። ፍትሕ ጋዜጣ በሐምሌ 2004 ዓ.ም. 30,000 ቅጂ ታግዶበታል። የዞን ዘጠኝ ጦማርያን በሚያዝያ 2006 ታስረው ከፊሎቹን ፍርድ ቤት ነጻ ያላቸው ጥቅምት 2008 ነው። ሎሚ፣ እንቁ፣ ፋክት፣ ጃኖ፣ አዲስ ጉዳይና አፍሮ ታይምስ የተባሉት ኅትመቶች በ2006 ክረምት በአንድ ጊዜ የተከሰሱት ዛሬ ያለው አዋጅ ከመውጣቱ በፊት ነው ቢባልም፣ አዲሱ አዋጅ ከወጣ በኋላም አዲስ ስታንዳርድ በሐምሌ 2013 ታግዶ ቆይቷል፤ የተራራ ኔትወርኩ ታምራት ነገራም በ2014 ወራትን በእስር አሳልፏል። ስለዚህ ጠበቃ የሚፈልጉት ሲታሰሩ አይደለም፤ ከመጀመሪያው እትም በፊት ነው። ወርኃዊ ክፍያ ይዋዋሉት፤ አዳማ ወይም አሰላ ቢሆን ይመረጣል፣ በፍጥነት መድረስ አለበትና። ውክልናውንም በሰነዶች ማረጋገጫ አስመዝግበው ለቤተሰብ ይስጡ።

የጥላቻ ንግግርና የሐሰተኛ መረጃ አዋጅ ቁጥር 1185/2012ን ተቀምጠው ያንብቡት። ከ5,000 በላይ ተከታይ ባለው የማኅበራዊ ሚዲያ ገጽ የተሠራጨ ሐሰተኛ መረጃ ቅጣቱ ከበድ ይላል፤ እስከ ሦስት ዓመት ቀላል እስራት ሊደርስ ይችላል። ተከታይ መብዛቱ ለእርስዎ ደስታ ነው፣ ለሕጉ ደግሞ ሚዛን። የአንባቢዎችዎን ስልክና ስም መያዝ ሲጀምሩ ደግሞ የግል ዳታ ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 1321/2016 ይመለከትዎታል። የከፋዮች ዝርዝር በፖለቲካ መጽሔት ቤት ቀላል ነገር አይደለም። ማን እንደሚያነብዎ የሚናገር መዝገብ ነው። ቴሌግራም ላይ አይላላኩት፣ በቢሮ ኮምፒዩተር ላይ ክፍት አይተዉት።

ገንዘቡ በየት ይገባል?

ብዙ ሰው እዚህ ላይ ይወድቃል። ብዙዎቹ የውጭ የደንበኝነት መድረኮች፣ ሰብስታክን ጨምሮ፣ ገንዘብ የሚያስተላልፉት በስትራይፕ ነው፤ ስትራይፕ ደግሞ ኢትዮጵያ ውስጥ አይሠራም። ወንድምዎ አሜሪካ በስሙ ይክፈትልኝ የሚሉ አሉ። ይህ የወንድምዎን ግብር ያወሳስባል፤ ሲጣሉም መጽሔቱ የማን እንደሆነ ያከራክራል። የድረ ገጹን ስምም ዘመድ በካርዱ ከገዛልዎ፣ ባለቤቱ ድርጅትዎ መሆኑን በጽሑፍ ያስፈርሙት። በዘመድ አፍረው የተዉት ወረቀት ኋላ ዘመዱንም መጽሔቱንም ያሳጣዎታል።

አገር ውስጥ ላለው አንባቢ ቴሌብር ይበቃል። ግንቦት 3 ቀን 2013 ዓ.ም. ከተጀመረ ወዲህ ቡና ሻጯ ሳትቀር ትቀበልበታለች። በድርጅትዎ ስም የነጋዴ ቁጥር ያውጡ፤ በግል ስልክዎ አይቀበሉ። የንግድ ባንክ ሒሳብ ቁጥርም ይጨምሩ፤ የመንግሥት ሠራተኛው ደመወዙ ያለው እዚያ ነው። ካርድ ላላቸው እንደ ቻፓ ያሉ የአገር ውስጥ የክፍያ አቀባዮች አሉ። ሚኒሶታ ያለችው የአክስትዎ ልጅም በዚሁ ትምጣ።

ከካርድ ላይ በየወሩ በራሱ እየተቆረጠ የሚመጣ ገቢ ግን አይጠብቁ። አንባቢው በራሱ እጅ ነው የሚልከው፤ ስለዚህ ይረሳል። መድኃኒቱ ስልክ ነው። ክፍያው ሊያልቅ አምስት ቀን ሲቀረው ሠራተኛዋ ትደውል። «ጤና ይስጥልኝ፣ ያለፈው እትም እንዴት ነበር?» ብላ ትጀምር፤ ስለ ገንዘቡ መጨረሻ ላይ ታንሣ። የሚሰጧትን አስተያየት ትጻፍ። እኔ ካየኋቸው የተሻሉ የጽሑፍ ሐሳቦች ብዙዎቹ የመጡት ከዚህ ስልክ ነው። የእያንዳንዱ አንባቢ መለያ ስልክ ቁጥሩ ይሁን፤ የይለፍ ቃል የሚረሳ ሰው ስልኩን አይረሳም።

ለከፈለ ሁሉ ሕጋዊ ደረሰኝ ይቁረጡ። 600 ሰው በዓመት 1,200 ብር ቢከፍል 720,000 ብር ነው፤ ለተጨማሪ እሴት ታክስ መመዝገቢያ ከተቀመጠው 2 ሚሊዮን ብር በታች ነዎት። ቢሆንም ከከተማው የገቢዎች ጽሕፈት ቤት አስቀድመው ይነጋገሩ። የፖለቲካ መጽሔትን በግብር መያዝ በጽሑፉ ከመያዝ ይቀላል።

ማድረስ፣ መብራት ሲጠፋም

ድረ ገጽ ይኑርዎት፤ ቤተ መዛግብትዎ ነው። አንባቢው እጅ የሚደርሰው ግን በቴሌግራም የሚላክ ቀላል ፒዲኤፍ ይሁን። እ.ኤ.አ. በሚያዝያ 2020 ደቡብ አፍሪካ ውስጥ የተጀመረው ‹ዘ ኮንቲነንት› የሚባለው ሳምንታዊ ጋዜጣ በዋትስአፕ እየተላከ በአፍሪካ ሁሉ ተነቧል። በስልክ ስክሪን ልክ ይንደፉት፤ ፊደሉ ሳይጎተት ይነበብ፤ ክብደቱ ከሁለት ሜጋባይት አይለፍ። ዳታ ለሚገዛ አንባቢ ከባድ ፎቶ ሁለተኛ ክፍያ ነው።

«አንዱ ከፍሎ ሃያው ይቀባበለዋል» ብለው ይጨነቁ ይሆናል። ይቀባበላሉ። አራት ኪሎ ጋዜጣ በሳንቲም ተከራይቶ፣ ድንጋይ ላይ ተቀምጦ አንብቦ የሚመልስ ትውልድ ነበር፤ ያ ትውልድ ነው የጋዜጣውን ስም ያገነነው። በየቅጂው ግርጌ «ይህ ቅጂ የእገሌ ነው» ብለው ስሙን ያስፍሩ፤ ይሉኝታ የተወሰነውን ያስቀራል። የተረፈውን ይተዉት። አሳልፎ የላከው አንባቢ በነጻ እያስተዋወቀዎት ነው።

ኢንተርኔት ይቋረጣል። ሰኔ 23 ቀን 2012 ዓ.ም. አርቲስት ሃጫሉ ሁንዴሳ በተገደለ ማግስት አገር አቀፍ ኢንተርኔት ለሦስት ሳምንት ያህል ጠፍቷል። ከየካቲት 2 ቀን 2015 ጀምሮ ቴሌግራምና ፌስቡክ ለአምስት ወር ተዘግተዋል። ከፋዩ ግን ከፍሏል። በእንዲህ ያለ ጊዜ ሁለት መንገድ ያዘጋጁ፤ አንደኛው አጭር የስልክ መልእክት ነው። ሁለተኛው ከፎቶ ኮፒ ቤት ጋር የሚደረግ ስምምነት ነው፤ በሁለት ገጽ የታመቀ እትም ተባዝቶ በአቦምሳና በአሰላ የታወቁ ሁለት ሱቆች ይቀመጥ። ይህም ባይቻል የቀኑን ቁጥር ይያዙና የተቋረጠውን ያህል ቀን በክፍያው ላይ ይጨምሩለት። ሳይጠይቅዎት ይጨምሩ።

የዝግጅት ክፍሉ ልማድ

ቋንቋውን ይወስኑ። አቦምሳ ላይ ገበያው በአፋን ኦሮሞም በአማርኛም ነው የሚነጋገረው። ሁሉንም ጽሑፍ በሁለቱም ማውጣት አቅም ይጨርሳል፤ ግን ስለ መርቲ ገበሬ የተጻፈን ጽሑፍ ገበሬው በማያነበው ቋንቋ ብቻ ማውጣትም ነውር ነው። ዋናውን ጽሑፍ በሁለቱም፣ የቀረውን ጸሐፊው በሚያስብበት ቋንቋ ያድርጉት። ትርጉሙን ለማሽን አይስጡ።

የግድያ ወሬ ሲመጣ፣ ይመጣልም፣ አርሲ ውስጥ ነን፣ የመጀመሪያው ሕግ መዘግየት ነው። በፌስቡክ የተለቀቀ ፎቶ ማስረጃ አይደለም፤ ከሌላ አገር፣ ከሌላ ዓመት ሊሆን ይችላል። ቦታውን የሚያውቅ፣ እርስ በርሱ ያልተማከረ ሁለት ሰው ይፈልጉ። ጤና ጣቢያውን፣ ቀበሌውን፣ የቀበሩትን ይጠይቁ። የሟች ስም ቤተሰብ ሳይሰማ አይውጣ። የገዳይና የሟች ብሔርና ሃይማኖት ለነገሩ መነሻ መሆኑ በማስረጃ ካልታየ በርእሱ ላይ አይጻፍ። መንግሥት የሰጠውን ቁጥር «መንግሥት እንዳለው»፣ ታጣቂው ያለውን «ታጣቂው እንዳለው» ይበሉ። እርስዎ የቆጠሩትን ብቻ በራስዎ ስም ይናገሩ። አንድ ቀን ዘግይቶ የወጣ እውነት ደንበኛ አያስቀርም፤ ፈጥኖ የወጣ ሐሰት ግን ሰው ያስገድላል።

የምንጭ ስም በዝግጅት ክፍሉ ውስጥም ከሁለት ሰው በላይ አይወቀው። ዘጋቢው ሲወጣ ወዴት እንደሄደና መቼ እንደሚደውል ይመዝገብ። ለተወቀሰው ሰው ከመታተሙ በፊት ደውለው መልሱን ይጠይቁ፤ የደወሉበትን ቀንና ሰዓት ይጻፉ። ሲሳሳቱ እርማቱን ስሕተቱ በወጣበት ገጽ ላይ፣ በዚያው መጠን ያውጡ። አስተዳዳሪው ቡና ሲጋብዙዎት ይጠጡ፤ ሒሳቡን ግን እርስዎ ይክፈሉ።

መክፈቻው

ሦስት እትም ለማንም ሳይሸጡ ያዘጋጁ። ቀኑን ጠብቀው፣ ገጹን ነድፈው፣ ለመቶዎቹ ሰዎች ብቻ ይላኩ። ሦስተኛው በቀኑ ካልደረሰ አይክፈቱ፤ ገንዘብ ከተቀበሉ በኋላ የሚሻሻል ነገር አይደለም። በመጋዘን ቢያንስ የስምንት ሳምንት ጽሑፍ ይኑርዎት፤ እርስዎ ቢታመሙ ወይም ቢታሰሩ የሚወጣ።

መክፈቻውን መስከረም ላይ አያድርጉት። የትምህርት ቤት ክፍያ፣ ደብተርና የበዓል በግ በአንድ ላይ የሚመጡበት ወር ነው። ምርት ተሰብስቦ፣ ገናና ጥምቀት አልፎ፣ እህል ወደ ገንዘብ የተለወጠበትን የጥር መጨረሻ ይምረጡ። የመጀመሪያው እትም ርእስ ያ የበጀት ሰሌዳ ይሁን።

ከዚያ በፊት ግን ሌላ የባንክ ሒሳብ ይክፈቱ። አዲስ ነገር ጋዜጣ በ2000 ዓ.ም. ተጀምሮ ብዙ አንባቢ አፍርቶ ሳለ በኅዳር 2002 በድንገት ቆመ፤ አዘጋጆቹ ተሰደዱ፣ ለጥቂት ጊዜም በኢንተርኔት ቀጠሉ። አንባቢው ጋዜጣውን በየሳምንቱ ነበር የሚገዛው፤ ቅዳሜ ባይወጣ ገንዘቡ ኪሱ ነው። የእርስዎ አንባቢ ግን የዓመቱን አስቀድሞ ሰጥቶዎታል። ስለዚህ ከእያንዳንዱ 1,000 ብር ውስጥ ያልደረሱትን ወራት ድርሻ ለብቻ ያስቀምጡ፤ በየወሩ የሠሩበትን ያህል ብቻ ወደ ሥራ ማስኬጃው ያዛውሩ። በሒሳቡ ላይ ከእርስዎ ሌላ የሚፈርም አንድ ሰው ይኑር፤ እርስዎ በሌሉበት ለአንባቢው ቀሪውን የሚመልስ። ይህ ሒሳብ ሳይከፈት ከማንም አንድ ብር አይቀበሉ።